ከኢማምነት ወደ ንጉሥነት፦ የወሎው መሐመድ ዓሊ

ደሴን የሚያውቅ ሰው አይጠየፍን ያውቃል። ንጉሥ ሚካኤል ግብር ያበሉበት የነበረው ይህ አዳራሽ፣ ስሙ ራሱ ማንንም አይንቅም፣ ማንንም ከደጅ አይመልስም የሚል ትርጉም አለው። አዳራሹን ያሠሩት ሰው ግን ሚካኤል ተብለው እንዳልተወለዱ ስንቶቻችን ልብ ብለናል? እስከ ሃያ ስምንት ዓመታቸው ገደማ ስማቸው መሐመድ ዓሊ፣ ማዕረጋቸውም ኢማም ነበር።

ታሪክ ከሚወዱ ወንድሞች ጋር ስንጨዋወት የወሎ ኢማሞች ነገር አዘውትሮ ይነሳል። አብዛኛውን ጊዜ የሚነሳውም በቁጭት ነው። የራሳችን ኢስላማዊ መንግሥት ነበረን፣ በጉልበት ተነጠቅን የሚል ቁጭት። ነጠቃው እውነት ነው፣ ማንም አይክደውም። ነገር ግን የተነጠቅነው ምን ዓይነት መንግሥት ነበር? ይህን ለመመለስ የመጨረሻዎቹ ኢማሞች አንዱ የነበሩትን የመሐመድ ዓሊን ሕይወት መለስ ብሎ ማየት ይጠቅማል።

የወረ ሂመኖ ገዢዎች፣ በተለምዶ ማመዶች የሚባሉት፣ ከ18ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ በወሎ የገነነ ቤት ነበሩ። በዘመነ መሳፍንት ጎንደር ድረስ የሚፈራ ጦር ነበራቸው። ኢስላም በወሎ እንዲስፋፋ የነበራቸውን ድርሻ መካድ አይቻልም። ኢማም የሚለውንም ማዕረግ የያዙት ከሌሎቹ መሳፍንት የሚለያቸው እርሱ በመሆኑ ነው። ሌላው ደጃዝማች ወይም ራስ ሲባል፣ እነርሱ የአማኞች መሪ ነን አሉ።

እንግዲህ ማዕረጉ ከባድ ነው። ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ህልፈት በኋላ አቡበክር (ረ.ዐ) መሪ የሆኑት ሰዎች ተመካክረው በይዓ ስለሰጧቸው እንጂ አባታቸው መሪ ስለነበሩ አልነበረም። በወሎ ግን ኢማምነት እንደ ርስት ከአባት ወደ ልጅ ይተላለፍ ነበር። ወንድማማች ሲጣላ ደግሞ በጦርነት ያሸነፈው ኢማም ይሆናል። ሹራ የት አለ? ኢማሙ ቢበድል ማን ይጠይቀዋል? የወሎ ትልልቅ ዑለማዎች እነ ጀማ ንጉሥንና ዳናን የመሰሉ የዒልም ማዕከሎች ያቋቋሙት ከገዢዎቹ ግቢ ወጣ ብለው ነበር። ይህ እንዲያው በአጋጣሚ የሆነ አይመስለኝም።

መሐመድ ዓሊ በ1842 ዓ.ም. ገደማ ተወለዱ። አባታቸው ኢማም ዓሊ አባ ቡላ ናቸው። ያደጉበት ዘመን ወሎ በሁለት በኩል የሚነድበት ጊዜ ነበር። ከውጭ አፄ ቴዎድሮስ በተደጋጋሚ ዘመቱበት። መቅደላን ይዘው የወሎን ባላባቶች ልጆች በዚያ አሰሩ። በ1857 ዓ.ም. ምኒልክ ከመቅደላ አምልጠው ወይዘሮ ወርቂት ዘንድ ሲደርሱና እርሳቸውም በሰላም ሲያሳልፏቸው፣ አፄ ቴዎድሮስ የወርቂትን ልጅ አመዴ በሽርን ከሌሎች የወሎ እስረኞች ጋር አስገደሉ። አንዲት እናት የሰው ልጅ አትርፋ የራሷን የከፈለችበት ታሪክ ነው።

ከውስጥ ደግሞ የወርቂት ወገንና የወይዘሮ መስተዋት ወገን እርስ በርስ ይፋጁ ነበር። ይህ ጠብ ወደ ተከታዩ ትውልድ ተሻገረ። መሐመድ ዓሊ በአንድ በኩል፣ ኢማም አባ ዋጠው በሌላው በኩል ሆኑ። ሁለቱም ኢማም፣ ሁለቱም ሙስሊም፣ ሁለቱም ሌላውን ለመጣል ድጋፍ ፍለጋ ወደ ሸዋና ወደ ትግራይ የሚያማትሩ ነበሩ። አፄ ዮሐንስ ወሎ ሲደርሱ ያገኙት አንድ ኢማም ያለው አንድ ሕዝብ አልነበረም።

ግንቦት 1870 ዓ.ም. የቦሩ ሜዳ ጉባኤ ተደረገ። ጉባኤው የተጠራው ለክርስቲያኖቹ የሃይማኖት ክርክር ቢሆንም ዳፋው ለእኛ ተረፈ። ሙስሊም ሹማምንት ወይ ይጠመቁ ወይ ሹመታቸውን ይልቀቁ ተባለ። ለተራው ሙስሊም የሦስት ዓመት ጊዜ ተሰጠው። መሐመድ ዓሊ ተጠመቁ፣ ሚካኤል ተባሉ፣ የክርስትና አባታቸውም አፄ ዮሐንስ ሆኑ። ተቀናቃኛቸው አባ ዋጠውም ተጠመቁ፣ ኃይለ ማርያም ተባሉ፣ የእርሳቸው የክርስትና አባት ምኒልክ ሆኑ። ጠባቸው ሳይቀር አብሮ የተጠመቀ ይመስላል።

እዚህ ላይ ቆም ልበል። በልባቸው ምን እንደነበረ አላህ ያውቃል። ሰይፍ አንገቱ ላይ በተደቀነበት ሰው ላይ መፍረድም የእኔ ሥራ አይደለም፤ ኢክራህ በሸሪዓችን የታወቀ ነገር ነው። እኔን የሚገርመኝ ሌላ ነው። ኢማምነቱ ሲሄድ ግዛቱ አልሄደም። ያው መሬት፣ ያው ጦር፣ ያው ግብር፣ ያው ጭሰኛ በእጃቸው ቀረ፤ የራስነት ማዕረግም ተጨመረላቸው። ሥልጣኑ ከኢማምነት የመነጨ ቢሆን ኖሮ ከኢማምነቱ ጋር አብሮ ይጠፋ አልነበረምን? አለመጥፋቱ የሚነግረን ቀድሞም የቆመው በጦርና በዘር ላይ እንደነበር ነው። ኢማም የሚለው ቃል ከላይ የተደረበ ካባ ነበር። ካባው ተወለቀ፣ ሌላ ተለበሰ።

ይህ ነገር የድሮ ብቻ አይደለም። በኢራን እ.ኤ.አ. በ1979 የወጣው ሕገ መንግሥት የአገሪቱን የበላይ ሥልጣን ለሃይማኖት ሊቅ ሰጠ፤ መሪውም ተከታይ ያለው ታላቅ መርጀዕ እንዲሆን ደነገገ። አያቶላህ ሙንተዘሪ ይህን ሕገ መንግሥት ያረቀቀውን ጉባኤ የመሩ፣ በኋላም የኢማም ኹመይኒ ተተኪ ተብለው የተሰየሙ ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1988 በእስረኞች ላይ የተፈጸመውን ግድያ በመቃወማቸው በተከታዩ ዓመት ከተተኪነት ተነሱ። በዚያው በ1989 ሕገ መንግሥቱ ተሻሻለና መሪው መርጀዕ መሆኑ ቀረ። ለሥልጣኑ ማረጋገጫ የተባለው ዒልም ሥልጣኑ ሲፈልግ ተቀነሰ። በወረ ሂመኖና በቁም መካከል ብዙ ልዩነት አለ፤ ግን የካባው ነገር ያመሳስላቸዋል።

ወደ ወሎ ልመለስ። ገዢው በአንድ ቀን ሃይማኖቱን ሲለውጥ ሕዝቡ ምን ሆነ? ያልተጠመቀ ተሰደደ፤ ወደ መተማ፣ ወደ ጉራጌ፣ ወደ ጅማ። የቀረው ቀን ክርስቲያን ሌሊት ሙስሊም ሆኖ ኖረ። ሸይኽ ጦልሐ ኢብን ጃዕፈር ተነስተው ሰውን ለጂሃድ ጠሩ፣ ወሎም ለዓመታት ተቃጠለ። አመፁን ለመደምሰስ ከዘመቱት መካከል ራስ ሚካኤል ነበሩበት። ትናንት ኢማም ያሏቸውን ሰዎች ነው የወጉት። ለጥምቀቱ ማመካኛ ይገኝለት ይሆናል፤ ለዚህኛው ግን አላገኘሁለትም።

አፄ ዮሐንስ በ1881 ዓ.ም. መተማ ላይ ወደቁ። ራስ ሚካኤል ፊታቸውን ወደ ምኒልክ አዞሩ፣ የምኒልክንም ልጅ ሸዋረጋን አገቡ። የቦሩ ሜዳው አዋጅ ላላ፣ የተሰደደውም መመለስ ጀመረ። ዓድዋ ላይ የወሎ ፈረሰኛ የሠራው ሥራ ይታወቃል፤ በዚያ ጦር ውስጥ ሙስሊሙ ብዙ ነበር። ከሸዋረጋ የተወለደው ኢያሱ በ1901 ዓ.ም. አልጋ ወራሽ ተባለ። ምኒልክ ካረፉ በኋላ፣ ግንቦት 1906 ዓ.ም.፣ ራስ ሚካኤል ደሴ ላይ የወሎና የትግራይ ንጉሥ ተብለው ዘውድ ጫኑ። የሚያስገርመው ዘውዱን የሰጣቸው ልጅ ኢያሱ ራሱ ዘውድ ሳይጭን መቅረቱ ነው።

ከዚያ በኋላ የሆነውን አንባቢ ያውቀዋል። መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. የሸዋ መኳንንት ልጅ ኢያሱን ከሥልጣን አወረዱ። ዋናው ክስ ወደ እስልምና አዘንብሏል የሚል ነበር። ጳጳሱ አቡነ ማቴዎስም ሰዉን ከታማኝነት መሐላው ፈቱት። ኢያሱ በአስተዳደሩ ብዙ ጥፋት ነበረበት፤ ከመናገሻው መራቁ፣ መኳንንቱን መናቁ፣ ወደ ጊሚራ ወርዶ ሰው ማስፈንገሉ። ሕዝብ የሚጠይቀው ቢኖር በእነዚህ መጠየቅ በተገባው። የተከሰሰው ግን ከሙስሊም ጋር በመወዳጀቱ ነው። አባቱ ከቦሩ ሜዳ ጀምሮ 38 ዓመት በክርስትና የኖሩ፣ ቤተ ክርስቲያን ያሳነጹ ቢሆኑም፣ ያ ሁሉ ለልጃቸው ዋስ ሊሆን አልቻለም። ኢማም የነበሩት ሰው ቤት አሁንም የተጠረጠረ ቤት ነበር።

ንጉሥ ሚካኤል ወደ ሸዋ ዘመቱ። ቶራ መስክ ላይ የራስ ልዑል ሰገድን ጦር ደመሰሱ፣ ራስ ልዑል ሰገድም ሞቱ። በቀናት ውስጥ፣ ጥቅምት 17 ቀን፣ ሰገሌ ላይ ተሸነፉና ተማረኩ። ከሁለቱም ወገን ያለቀው ሰው እጅግ ብዙ ነበር። የወሎ ሙስሊምና ክርስቲያን በዚያ ሜዳ አንድ ላይ ወደቀ። በአዲስ አበባው የድል ሰልፍ ላይ ንጉሥ ሚካኤልን በሰንሰለት አስረው በሕዝቡ ፊት አሳለፏቸው። ሁለት ዓመት ያህል ታስረው ቆይተው በእስር እንዳሉ ሞቱ። ልጃቸው ያን ጊዜ አፋር በረሃ ውስጥ ነበር።