አውሬዎችን መድረክ ላይ ያወጡት በጅሮንድ

እኛ የመካነ ሰላም ሠልጣኞች ቴአትር በተለማመድን ቁጥር የምንሻማው የቀልደኛውን ቦታ ነው። ንጉሥ ሁን ሲባል የሚያፈገፍገው ሁሉ ሞኝ ሁን ሲሉት ዘሎ ይነሳል። ለመሆኑ በአገራችን ሰው ተጽፎ መጀመሪያ መድረክ ላይ የወጣው ቴአትር ኮሜዲ እንደነበረ፣ በዚያም ጠንቅ ቴአትር የሚባለው ነገር ለዓመታት እንደታገደ ስንቶቻችን እናውቃለን?

ደራሲው በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። በ1876 ዓ.ም. ሸዋ ውስጥ ተወለዱ፤ ከዚያም ሐረር ራስ መኰንን ዘንድ ገቡ። በ1888 ዓ.ም. ራስን ተከትለው ዓድዋ ሲሄዱ ገና ልጅ ነበሩ። ከድሉ በኋላ ወደ ሩሲያ ተላኩ። እዚያ ከአሥር ዓመት በላይ ተቀምጠው የመድፈኛ መኮንንነት ተማሩ።

የመድፍ ሰው እንዴት ቀልድ ውስጥ ገባ? ነገሩ እንዲህ ነው። በ1913 ዓ.ም. ገደማ አዲስ አበባ ውስጥ ቴአትር ይታያል ተብለው ተጋበዙ። ሄደው ቢያዩ ዘፈንና ጭፈራ ብቻ! ውጭ አገር ያዩት ቴአትር እንዲህ አልነበረምና እውነተኛውን ለማሳየት ብዕራቸውን አነሱ። ፋቡላ፣ የአውሬዎች ኮመዲያ የተባለው ድርሰት እንዲህ ተወለደ። ፈረንሳዊው ላ ፎንቴን እንዳደረገው የሰውን ነውር በአውሬ አፍ አናገሩት። ቴራስ ሆቴል ውስጥም መኳንንቱ ባሉበት ታየ።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። የአንበሳና የቀበሮ ተረት ለቦረና ልጅ ብርቅ አይደለም፤ ምድጃ ዳር ሲወራ የከለከለው የለም። ሰምና ወርቁንም ባለቅኔው ሲቀኝበት ኖሯል። መድረክ ግን ሌላ ነው። ተመልካቹ ሁሉ አንድ ላይ ይስቃል፤ ሲስቅም ጎን ለጎን ይተያያል። ጉቦኛው ሹም አውሬው ማን እንደሆነ ባይገባው እንኳ የጎረቤቱ ዓይን ይነግረዋል። በእኛ ግምት ያስደነገጠው ይኸው ነው። ንግሥት ዘውዲቱ ቴአትሩን አገዱት፤ መድረኩም እስከ 1923 ዓ.ም. የዘውድ በዓል ድረስ ዝም አለ። ከዚያ ወዲያ ቴአትርን ያነሡት ትምህርት ቤቶች ናቸው። ከፊተኞቹ አንዱ ከዓባይ ማዶ፣ ከደብረ ኤልያስ የመጡት መምህር ዮፍታሔ ንጉሤ ነበሩ።

በጅሮንድ ግን ቀልዱ ሹመት አላሳጣቸውም። ጅጅጋንና ጨርጨርን ገዙ፤ የገንዘብ ሚኒስትር ሆኑ። የጃፓንን አብነት ይዘው የ1923ቱን ሕገ መንግሥት አረቀቁ። ኢጣልያ ልትወር ስትዘጋጅም ጄኔቭ ላይ በመንግሥታቱ ማኅበር ፊት ስለ ኢትዮጵያ ተከራከሩ። ከወረራው በኋላ ብዙ ዘመን ማዳጋስካር ውስጥ በስደት ቆዩ። በመጨረሻም አገራቸው ገብተው በ1969 ዓ.ም. ዐረፉ።

ልጃቸው ግርማቸው የአርአያ ደራሲ ናቸው። የራሳቸው የሕይወት ታሪክም በ1999 ዓ.ም. ታትሟል፤ ወፍራም መጽሐፍ ነው። የሚታወቁበት ቴአትር ግን ያው የአውሬዎቹ ብቻ ነው።