ድሆች የወደዱት እስረኛ ከንቲባ

የጆን ኤፍ ኬኔዲን ስም ያልሰማ አንባቢ ያለ አይመስለኝም። የኬኔዲን አያት ከከንቲባነት ፉክክር ያስወጣውን ሰው ግን በእኛ አገር የሚያውቀው ጥቂት ነው። ጄምስ ማይክል ከርሊ ይባላል። ቦስተንን አራት ጊዜ በከንቲባነት መርቷል፤ ሁለት ጊዜም ወህኒ ወርዷል። እኔን የሚገርመኝ መታሰሩ አይደለም። ሕዝቡ ጉዱን እያወቀ የመረጠው መሆኑ ነው። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከርሊ በ1874 በቦስተን ሮክስበሪ ሰፈር ከአየርላንድ ስደተኞች ተወለደ። ያን ጊዜ የከተማዋ ሀብትና ባንክ በጥንት እንግሊዛውያን ሰፋሪዎች ልጆች እጅ ነበር። የከርሊ አባት የጉልበት ሠራተኛ ነበር፤ ከባድ ድንጋይ ሲያነሳ ተጎድቶ ሲሞት ልጁ ገና 10 ዓመቱ ነው። እናቱ ሳራ በየቢሮው ወለል ተንበርክካ እየፈተገች ልጆቿን አሳደገች። ይህቺን ነገር ልብ በሉልኝ።

የመጀመሪያው እስር የመጣው ፖስታ ቤት ሥራ ለሚፈልግ ሰው ተክቶ የመንግሥት ፈተና ስለተፈተነ ነው። በ1904 እስር ቤት ሆኖ ለከተማው ምክር ቤት ተመረጠ! ጥፋቱን አልካደም፤ ለወዳጄ ስል ነው ያደረግሁት እያለ መቀስቀሻ አደረገው እንጂ። ሥራ አጥቶ ለተቀመጠ ስደተኛ ደግሞ ይህ ወንጀል ሳይሆን ውለታ ነበር።

በ1913 ለከንቲባነት ሲነሳ የኬኔዲ የእናት አባት ጆን ፍዝጄራልድ በወንበሩ ላይ ነበሩ። ሰውየው ከአንዲት ወጣት ሴት ጋር ስማቸው ይነሳ ነበር። ከርሊ በታሪክ ስለታወቁ አፍቃሪዎች የአደባባይ ንግግር አደርጋለሁ ብሎ አስነገረ። ፍዝጄራልድ መልእክቱ ገባቸው፤ ከፉክክሩ ወጡ። ይህ ተራ ማስፈራሪያ ነው፤ ሌላ ስም አልሰጠውም።

ከርሊ በ1914 ወንበሩን እንደያዘ ግን የማዘጋጃ ቤቱ ጽዳት ሴቶች በጉልበታቸው ተንበርክከው እንዳይሠሩ ረጅም እጀታ ያለው መወልወያ እንዲገዛላቸው አዘዘ። ሆስፒታል አስፋፋ፤ መናፈሻና የባሕር ዳር መታጠቢያ ሠራ። ሥራ የሚለምን፣ የመድኃኒት ገንዘብ ያጣ ቤቱ ድረስ ይመጣ ነበር፤ ባዶ እጁን የሚመለሰው ጥቂት ነው።

ገንዘቡ ከየት መጣ? ከንግድ ቤቶችና ከሀብታሞች ግብር። የኢኮኖሚ ሊቃውንቱ ኤድዋርድ ግሌዘርና አንድሬ ሽላይፈር በ2005 ባሳተሙት ጥናት እንዳሉት፣ ከርሊ የማይመርጡትን ባለሀብቶች በግብር እያማረረ ከከተማዋ በማስወጣት የሚመርጡትን ድሆች አበዛ። ከተማዋ ደኸየች፤ እሱ ተመረጠ። ነገሩ በእነሱ ስም ሳይሆን በእሱ ስም «የከርሊ ውጤት» ተብሎ ይጠራል። ከተማው ለአንድ ኩባንያ ከከፈለው ካሳ ደርሶታል ተብሎም ከ42 ሺህ ዶላር በላይ እንዲመልስ ተፈርዶበታል።

ከ1935 እስከ 1937 የማሳቹሴትስ ገዢ ሆነ። በ1945 በማጭበርበር ተከስሶ ሳለ ለአራተኛ ጊዜ ከንቲባነቱን አሸነፈ። በ1947 ዳንበሪ እስር ቤት ገባ፤ ደመወዙ ግን አልተቋረጠም። እንዲፈታ ፕሬዚዳንት ትሩማንን የሚማጸን ደብዳቤ የኮንግረስ አባላት ሲፈርሙ፣ በከርሊ የኮንግረስ ወንበር የተተካው ወጣቱ ኬኔዲ አልፈርምም አለ። የአያቱ ነገር ትዝ ብሎት ይሆን? ትሩማን ከአምስት ወር በኋላ ፈቱት።

ሲመለስ ተጠባባቂ ሆኖ የቆየውን የከተማውን ጸሐፊ ጆን ሃይንስን በጋዜጠኞች ፊት አጣጣለው። ሃይንስ ተናደደና በ1949 ተወዳድሮ አሸነፈው። በቀጣዩ ዓመት በየካቲት ሁለት ልጆቹ በአንድ ቀን ሞቱበት፤ ከዘጠኝ ልጆቹ ሰባቱን ቀብሯል። በ1951ና በ1955 ለከንቲባነት ደግሞ ሞከረ፤ አልሆነለትም። በኅዳር 1958 ዐረፈ።