አባ ጎርጎርዮስ በጎታ ከተማ

በሚዛን ተፈሪ የሚያገለግል አንድ ዲያቆን በክረምት ወደ እኛ መጥቶ፥ የነገረ መለኮትን ትምህርት ለማስፋት የጀርመንን ቋንቋ ማንበብ ልማር ወይስ ይቅርብኝ ሲል ጠየቀን። ከሚዛን እስከ ቴፒ ባለው በዚህ የቡና አገር ያደገ ልጅ ስለ ሆነ በቤቱ የቤንችን ቋንቋ፥ በገበያ አማርኛን፥ በቅዳሴ ግእዝን እየሰማ ኖሯል፤ ስለዚህ አንድ ቋንቋ መጨመር የሚያስፈራው አልነበረም። ያስፈራው ከቋንቋው ጋራ የሚመጣው ትምህርት ነበር። እኛም ፈጥነን አዎን ወይም አይሆንም ሳንል የአባ ጎርጎርዮስን ታሪክ ነገርነው። በዚያ ታሪክ የእርሱ ጥያቄ ተገልብጦ ይገኛልና፤ ቀድሞ ደጅ የጠናው የእኛን ልሳን ለመማር የመጣው ጀርመናዊ ነበር። ዘመናቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር እንጽፋለን።

አባ ጎርጎርዮስ የተወለዱት በአምሐራ አገር፥ በመካነ ሥላሴ ነው። ባደጉበት ዘመን ዐፄ ሱስንዮስ በኢየሱሳውያን ምክር የሮምን ሃይማኖት ተቀብሎ ሀገሪቱን ሁሉ ያወከበት ጊዜ ነበር። እርሳቸውም ከፓትርያርኩ ከአልፎንሶ ሜንዴዝ ወገን ሆኑ። በ1632 ዓ.ም. ዐፄ ፋሲል የአባቶችን ሃይማኖት መልሶ ባቆመና ኋላም ኢየሱሳውያንን ባስወጣ ጊዜ፥ አባ ጎርጎርዮስም አብረው ተሰደው ወደ ህንድ፥ ኋላም ወደ ሮም ደረሱ። በሮም ከቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን በስተ ኋላ ባለው የሐበሾች ማረፊያ፥ በቅዱስ እስጢፋኖስ ተቀመጡ። ይህ ቤት አባ ተስፋ ጽዮን ከመቶ ዓመት በፊት የግእዙን ሐዲስ ኪዳን ያሳተሙበት ቤት ነው።

በ1649 ዓ.ም. ኢዮብ ሉዶልፍ የሚባል፥ በኤርፉርት ከተማ የተወለደ፥ ዕድሜው ሃያ አምስት ዓመት ገደማ የሆነ ጎልማሳ ለስዊድን መንግሥት መዛግብት ሊፈልግ ወደ ሮም መጣ። ይህ ሰው ግእዝን ያለ መምህር ከመጽሐፍ ብቻ ተምሮ ነበር። ፊደሉን ያውቃል፥ ምሥጢሩንም በመጠኑ ይተረጕማል፤ ነገር ግን በንባብ ቤት ያላለፈ ሰው እንደ ምን አድርጎ ተነሹን ከወዳቂው፥ የሚጠብቀውን ከሚላላው ይለያል? ፊደላችን ይህን አይጽፈውም፤ ከመምህር አፍ ወደ ተማሪ ጆሮ ብቻ ይተላለፋል። ሉዶልፍ በአባ ጎርጎርዮስ ዘንድ ያገኘው ትልቁ ነገር ይህ ይመስለናል። አባ ጎርጎርዮስ የላቲን ቋንቋ እምብዛም አልነበራቸውም፤ እርሱም አማርኛ አያውቅም። እንግዲህ ግእዝ፥ በአገራችን እንኳ የጨዋታ ቋንቋ መሆኑ ከቀረ ብዙ ዘመን የሆነው ግእዝ፥ በሮም ከተማ የሁለት ወዳጆች መነጋገሪያ ሆነ። ከተለያዩም በኋላ የተጻጻፉት በግእዝ ነው፤ ደብዳቤዎቻቸው እስከ ዛሬ አሉ።

በ1652 ዓ.ም. የሳክስ ጎታ መስፍን ኤርንስት፥ ሕዝቡ ስለ መንፈሳዊነቱ ጻድቅ የሚል ቅጽል የሰጠው፥ አባ ጎርጎርዮስን ወደ አገሩ ጠራ። ጀርመን ከሠላሳው ዓመት ጦርነት ከወጣች ገና አራት ዓመቷ ነበር። መነኵሴውም የአልፕን ተራሮች ተሻግረው ደረሱ፤ ሉዶልፍም ኑርንበርግ ድረስ ሄዶ ተቀበላቸው። ያን በጋ በመስፍኑ ዘንድ ተቀመጡ። መስፍኑና ሊቃውንቱ ስለ ሥላሴ፥ ስለ ምሥጢራት፥ ስለ ጾም፥ ስለ ንጉሡና ስለ ሀገሩ ልማድ እየጠየቁ መልሱን በጽሑፍ ያኖሩ ነበር። ስለ ግዝረት ሲጠየቁ የአገር ልማድ እንጂ የመዳን ሥርዓት አለመሆኑን አስረዱ። ይህ ቃል ዐፄ ገላውዴዎስ በ1555 ዓ.ም. ለኢየሱሳውያን መልስ አድርገው በጻፉት የሃይማኖት መግለጫ ከሚገኘው ጋራ አንድ ነው።

እዚህ ላይ አንባቢ፥ ከአባቶች ሃይማኖት ወጥተው ከሜንዴዝ ጋራ የተሰደዱትን ሰው ለምን ታነሣላችሁ ይለን ይሆናል። ጥያቄው እውነተኛ ነው፤ ስደታቸውንም አናመሰግንም። ነገር ግን ሮም ተቀምጠው፥ በሉተራዊ መስፍን ፊት ቆመው፥ የኢትዮጵያን ሥርዓት ሲጠየቁ አላፈሩበትም። የያዙት ግእዝ ደግሞ ከሮም የተቀበሉት አልነበረም፤ በመካነ ሥላሴ የተማሩት ነው። ሉዶልፍም የገላውዴዎስን መግለጫ በ1661 ዓ.ም. ከግእዝ ሰዋስውና መዝገበ ቃላት ጋራ በለንደን አሳተመው። ስለዚህ በአውሮፓ ሰው ስለ እኛ ከኢየሱሳውያን ብቻ ይሰማ የነበረው ቀርቶ፥ የራሳችንን ንጉሥ ቃል በራሳችን ፊደል ማንበብ ቻለ። በ1698 ዓ.ም. የወጣው የሉዶልፍ የአማርኛ ሰዋስውም ከአባ ጎርጎርዮስ አፍ በሰማው ላይ የቆመ ነው።

ዲያቆኑ ግን ጀርመንኛስ ወዴት አለ አለን። እውነት ነው፥ ሉዶልፍ የጻፈው በላቲን ነበር። ነገሩ የተለወጠው ከሁለት መቶ ዓመት በኋላ በአውጉስት ዲልማን ዘመን ነው። ሙሉ ሆኖ በግእዝ ብቻ የተጠበቀልንን መጽሐፈ ሄኖክን ዲልማን በ1851 ዓ.ም. በግእዝ፥ በ1853 ዓ.ም. በጀርመንኛ ትርጕም አወጣ፤ የግእዙንም ሰዋስው በ1857 ዓ.ም. በጀርመንኛ ጻፈ። በ1865 ዓ.ም. ያወጣው መዝገበ ቃላት ግን እንደ ሉዶልፍ በላቲን ነው። ከእርሱ ወዲህ በመጻሕፍታችን ላይ ብዙ ነገር በጀርመንኛ ተጽፏል፤ ከዚያ ውስጥ መልካም አለ፥ ስሕተትም አለ፤ የማያነብ ሰው ግን ስሕተቱን ሊመልስ አይችልም።

ለማንበብ ብቻ ለሚሻ ሰው ሥራው ግስ እንደ ማውረድ ነው። ስሙ ሁሉ በትልቅ ፊደል ስለሚጀምር ከግሱ ይለያል፤ በጥገኛ ሐረግም ግሱ እንደ አማርኛችን መጨረሻ ላይ ይቀመጣልና ለእኛ ከእንግሊዝኛ ይልቅ የማይከብድበት ስፍራ አለ። ዲያቆኑን በመጀመሪያ በቃሉ የሚያውቀውን የዮሐንስ ወንጌል ከግእዙ ጎን አድርጎ ያንብብ አልነው። በንባብ ቤት እየደጋገመ እንደ ተማረው፥ አሁንም እንዲሁ ቢያደርግ ይሻላል።

አባ ጎርጎርዮስ ከጎታ በመስከረም ወር ገደማ ተሰናብተው ወደ ሮም ተመለሱ። አገራቸውን ለማየት ተነሥተው በመርከብ ሲሄዱ በ1658 ዓ.ም. በሶርያ ጠረፍ፥ በእስክንድሮና አጠገብ መርከቡ ተሰብሮ ሰጠሙ። ሉዶልፍ ወዳጁን አልረሳም። በ1681 ዓ.ም. በጻፈው የኢትዮጵያ ታሪክ ስማቸውን ደጋግሞ አነሣ፤ ከሞቱም ሠላሳ ሦስት ዓመት ካለፈ በኋላ፥ በ1691 ዓ.ም. ባሳተመው የዚያው ታሪክ ማብራሪያ ሥዕላቸውን በመዳብ አስቀርጾ አገባው። ለዲያቆኑ ያሳየነው ይህን ሥዕል ነው፤ ብዙ ሰዓት ሲመለከተው ቆየና፥ በማግሥቱ ወደ ሚዛን ሲመለስ የጀርመንኛውን ወንጌል ተውሶን ሄደ።