የዱር አራዊት ጠበቃ ፕሮፌሰር ግርዚሜክ

ከሾኔ ተነሥቶ በሀላባ ቁሊቶ በኩል ወደ ሻሸመኔ የሚጓዝ ሰው፥ ከአጄ ብዙ ሳይርቅ የሰንቀሌን የቆርኬዎች መጠለያ ያገኛል። በዚያ የሚጠበቀው የስዌይን ቆርኬ ዛሬ ከኢትዮጵያ በቀር በሌላ አገር አይገኝም። የአካባቢው ገበሬ ማሳና ግጦሽ ይፈልጋል፤ ቆርኬውም ያንኑ ሣር ይሻል። ሰውና አውሬ በአንድ መሬት እንዴት ይኖራሉ? ይህን ጉዳይ በፊልም ለዓለም ካሳዩት ሊቃውንት አንዱ ጀርመናዊው ፕሮፌሰር በርንሃርድ ግርዚሜክ ነበሩ።

ግርዚሜክ በ1909 ዓ.ም. ተወለዱ (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው)። የእንስሳት ሕክምና ተምረው በዶክተርነት ተመረቁ። በ1945 ጦርነት ያፈራረሰውን የፍራንክፈርት የአራዊት ማሳያ እንዲመሩ ተሹመው እስከ 1974 ቆዩበት። ከ1956 ጀምሮም አንድ ሕያው እንስሳ ከጠረጴዛቸው ላይ እያኖሩ፥ በቴሌቪዥን ለሕዝባቸው ስለ አራዊት ያስተምሩ ነበር።

በዚያን ጊዜ የእንግሊዝ መንግሥት በታንጋኒካ የሴሬንጌቲን ፓርክ ወሰን ሊለውጥ አስቦ ነበር። ነገር ግን የአራዊቱን ብዛትና የሚሄዱበትን መንገድ በትክክል ያወቀ ሰው አልነበረም። ስለዚህ ግርዚሜክና ልጃቸው ሚካኤል አውሮፕላን መንዳት ተምረው፥ አውሮፕላናቸውንም እንደ ሜዳ አህያ ዥንጉርጉር ቀለም ቀብተው ወደ አፍሪካ በረሩ። ከአየር ላይ 366,980 አራዊት ቈጠሩ፤ መንጋው ከታሰበው ወሰን ውጭ እንደሚሰማራም አረጋገጡ።

በጥር 10 ቀን 1959 ሚካኤል ብቻውን ሲበር አውሮፕላኑ ከጥንብ አንሣ ጋራ ተጋጭቶ ወደቀና በ24 ዓመቱ ሞተ። በንጎሮንጎሮ አፋፍ ላይ ተቀበረ። አባቱ ኀዘናቸውን ችለው የጀመሩትን ፊልም ፈጸሙት። «ሴሬንጌቲ አይሞትም» የተባለው ይህ ፊልም በ1960 የኦስካርን ሽልማት አገኘ።

የታላቅ ሰው ታሪክ ሲጻፍ ግን ስሕተቱም ሊታለፍ አይገባም። የማሳይ ሕዝብ ከብቱን እያረባ ከአራዊቱ ጋራ ብዙ ዘመን ኖሯል። ግርዚሜክ ግን በፓርክ ውስጥ የአገሩ ተወላጅ እንኳ ሊኖር አይገባም የሚል አሳብ ነበራቸው። በ1959 ማሳዮች ሴሬንጌቲን ለቀው ወጡ። ትእዛዙ የቅኝ ገዥው መንግሥት ነበር፤ የፊልሙ ዝና ግን ለዚህ አሳብ ብርታት ሰጠው። ፊልሙ አራዊቱን ለዓለም ሲያስተዋውቅ፥ ባለአገሩን እንደ እንግዳ ቈጠረው።

የዚህን ጉዳት እኛም በሰንቀሌ አይተነዋል። በ1991 መንግሥት ሲለወጥ ሰው ወደ መጠለያው ገብቶ ብዙ ቆርኬ ተገደለ። ሕዝቡ የእኔ ያላለውን ሀብት ጠባቂ ብቻውን አያድነውም።

ግርዚሜክ በ1987 ሞቱ፤ አመዳቸውም በንጎሮንጎሮ ከልጃቸው አጠገብ ዐረፈ። ለብዙ ዘመን የመሩት የፍራንክፈርት የእንስሳት ጥናት ማኅበርም በባሌ ተራሮች ከመንግሥትና ከነዋሪው ጋራ ሲሠራ ቆይቷል።

እንግዲህ ነገ የፓርክ ወሰን የሚለካ ወጣት ሹም ከአባትና ከልጁ ትጋትን ይማር። የመንጋውን መንገድ ሲጠይቅ ግን የእረኛውንም መንገድ መጠየቅ አይርሳ።