ራምቦ እና ሙሴ ኢልግ፦ ገጣሚው ስለ ድስት የጻፋቸው ደብዳቤዎች

ሐረር የሄደ ሰው የራምቦ ቤት የሚባለውን ሳያይ አይመለስም። ሰውየው እዚያ ቤት ውስጥ መኖሩ ግን አከራካሪ ነው። እውነተኛውን ራምቦ የፈለገ ለሙሴ ኢልግ የጻፋቸውን ደብዳቤዎች ቢያይ ይሻለዋል።

አርተር ራምቦ በ1854 (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው) ፈረንሳይ፣ ሻርልቪል ተወለደ። የፈረንሳይን ግጥም የቀየሩ ሥራዎቹን ጽፎ የጨረሰው ገና 21 ዓመት ገደማው ሳለ ነው። ከዚያ በቃ፣ ግጥም እርግፍ አድርጎ ተወ። በ1880 መጨረሻ የቡና ነጋዴ ተቀጣሪ ሆኖ ሐረር ገባ። በ1887 ደግሞ ከታጁራ ጠመንጃ ጭኖ እንጦጦ ደረሰ። ያኔ የሸዋ ንጉሥ የነበሩት ምኒልክ ዋጋውን ቆረጡበት፣ የሟች ሸሪኩ አበዳሪዎችም ተረባረቡበት፤ ተማርሮ ተመለሰ።

አልፍሬድ ኢልግም የተወለደው በዚያው በ1854፣ ስዊዘርላንድ ውስጥ ነው። ምኒልክ ዘንድ የመጣው በ1879 ሲሆን ሥራው ምህንድስና ነበር። ራምቦ በ1888 ሐረር ላይ የራሱን ንግድ ሲከፍት ሸዋ ላይ ዕቃውን የሚሸጥለት ኢልግ ሆነ። እስከ 1891 ድረስ ተጻጻፉ። ያኔ እንኳን ንፋስ ስልክ፣ ባለ ሽቦውም አልተዘረጋም፤ ደብዳቤ የሚሄደው ከሲራራ ነጋዴ ጋር ነው።

ደብዳቤዎቹ ውስጥ ግጥም አትፈልጉ። ያለው ድስት፣ ጨርቅ፣ ቡና፣ ዝባድ፣ ወርቅ፣ የዝሆን ጥርስና የማሪያ ቴሬዛ ብር ነው። ኢልግ ሳቅ ይወዳል። ራምቦ የማይሸጥ ዕቃ ሲልክበት፣ መጻፍ ለማይችል ሰው ማስታወሻ ደብተር እንዴት ልሽጥ እያለ ይቀልድበታል። ስንቅ ይቆጥባል ብሎም ይወቅሰዋል፤ የራምቦ ሰዎች ሸዋ የሚደርሱት ተርበው ነበርና። ዘመኑ ደግሞ ክፉ ቀን የምንለው ነው፣ ከብት አልቆ አገር የተራበበት።

በታኅሣሥ 1889 ራምቦ አንድ ጥሩ በቅሎና ሁለት ባሪያ ልጆች እንዲገዛለት ኢልግን ጠየቀ። ኢልግ በ1890 ነሐሴ ላይ የመለሰለት በጨዋ ቋንቋ ነው፤ የራምቦን ቅን ሐሳብ እንደማይጠራጠር ገልጾ፣ እሱ ግን ሰው ገዝቶ እንደማያውቅና ሊጀምርም እንደማይፈልግ ነገረው። ራምቦን ባሪያ ነጋዴ ነበር የሚሉ ሰዎች ይቺን ደብዳቤ ይመዛሉ። ሁለት ልጆች ለንግድ አይመስሉም። ቢሆንም ልጆቹን ከበቅሎ ጋር በአንድ መስመር መጻፉ ያሳዝናል፤ ዘመኑ ነው ብለን እንዳናልፈው ደግሞ በዚያው ዘመን፣ በዚያው አገር የኖረው ኢልግ እምቢ ብሏል።

የሚገርመው፣ በዚህ መሃል ፓሪስ ውስጥ የራምቦ ዝና እየገነነ ነበር። በ1886 ግጥሞቹን ያተመ መጽሔት ሟቹ ብሎ ጠርቶታል። ሟች የተባለው ሰውዬ ታጁራ ላይ ጠመንጃውን ጭኖ ለመነሳት ይጠባበቃል።

በ1891 መጀመሪያ ጉልበቱን አመመው። በሚያዝያ 16 ሸክመኞች በቃሬዛ ተሸክመው ወደ ዘይላ አወረዱት። ማርሴይ ላይ በግንቦት ቀኝ እግሩ ተቆረጠ፤ ኅዳር 10 ቀን በ37 ዓመቱ ሞተ።

ኢልግ ከዚያ በኋላ ብዙ ሠራ። በ1894 የባቡር ሐዲዱን ፈቃድ ከአፄ ምኒልክ ተቀበለ፣ የመንግሥት አማካሪም ሆነ። ያረፈው በ1916 ዙሪክ ነው። ከራምቦ ጋር የተለዋወጧቸው ደብዳቤዎች በ1965 ፈረንሳይ ውስጥ በመጽሐፍ ታተሙ።