ለሠራው ቋንቋ ሕዝብ የፈጠረለት ሰው

እህቶቼ፣ ዛሬ የማወራችሁ ስለ ጄ. አር. አር. ቶልኪን ነው። ስሙን ባታውቁት እንኳ፣ ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ የሚባለውን ፊልም ልጆቹ ሲያዩ፣ ሳሎን እያጸዳችሁ በጨረፍታ ያያችሁት አትጠፉም። ፊልሙ ከ2001 እስከ 2003 በሦስት ክፍል ሲወጣ የመጽሐፉ ደራሲ ከሞተ 30 ዓመት ሊሞላው ነበር። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የጻፍኳቸው።)

ቶልኪን በ1892 በዛሬዋ ደቡብ አፍሪካ፣ ብሉምፎንቴን ከተማ ተወለደ። አባቱ እንግሊዛዊ የባንክ ሠራተኛ ነበር፤ የተሻለ ሥራ ፍለጋ ነው ከአገሩ የወጣው። በ1895 እናቱ ሜብል ሁለት ወንዶች ልጆቿን ይዛ ዘመድ ጥየቃ እንግሊዝ ሄደች። አባት ሊከተላቸው አስቦ ነበር፤ ግን ታመመና በ1896 እዚያው ሞቶ እዚያው ተቀበረ። ሰው አገር ሄዶ መቅረትን ለእኛ ማስረዳት አያስፈልግም።

ሜብል ልጆቿን በችግር አሳደገች። ላቲንና ፈረንሳይኛ ራሷ ቤት ውስጥ አስተማረቻቸው። ካቶሊክ በመሆኗ ይረዷት የነበሩ ዘመዶቿ ፊት ነሷት። በ1904 በስኳር በሽታ ሞተች፤ ኢንሱሊን የሚባለው መድኃኒት ያኔ ገና አልተገኘም ነበር። ልጁ 12 ዓመቱ ነበር። አባ ፍራንሲስ ሞርጋን የሚባሉ ካህን ኃላፊነቱን ወስደው አሳደጉት።

ቶልኪን ከእናቱ ያገኘው ውርስ ቋንቋ መውደድ ነው። ልጅ ሳለ ከቤታቸው ጀርባ በሚያልፈው የከሰል ባቡር ላይ የተጻፉ የዌልስ ቃላት እያየ ልቡ ይማረክ ነበር። ከአክስቱ ልጅ ጋር ሆኖም የራሳቸውን ቋንቋ ፈጠሩ። ኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ደግሞ የፊንላንድ ቋንቋ ሰዋስው አገኘና ተማረከበት። ከዚያ በኋላ ኩዌንያ የሚባለውን ቋንቋ መሥራት ጀመረ፤ ቀጥሎ የዌልስን ድምፅ ተከትሎ ሲንዳሪን የሚባለውን ሠራ።

በ16 ዓመቱ እንደ እሱ ወላጆቿ የሞቱባትን ኢዲትን ወደደ። አባ ፍራንሲስ ግን 21 ዓመት እስኪሞላው እንዳያገኛት ከለከሉት። እሱም ጠበቀ። 21 በሞላበት ቀን ጻፈላት፤ ለሌላ ሰው ታጭታ ነበርና ቀለበቱን መለሰች። በ1916 ተጋቡ፤ በዚያው ዓመት ወደ ፈረንሳይ ጦር ሜዳ ሄደ። ደብዳቤ ይመረመር ስለነበር፣ ያለበትን ቦታ ኢዲት እንድታውቅ በነጠብጣብ ምልክት ተስማምተው ነበር። ከአራቱ የልብ ጓደኛሞች ሁለቱ በዚያ ዓመት ተገደሉ። እሱን ቅማል የሚያስተላልፈው ትኩሳት ያዘውና ወደ እንግሊዝ ተመለሰ። ታሪኮቹን አጥብቆ መጻፍ የጀመረው በዚያ የሕመም ጊዜ ነው።

እንግዲህ ዋናው ነገር እዚህ ጋ ነው። ቶልኪን ቃላት ሰብስቦ ሰዋስው ማውጣት ብቻ እንደማይበቃ ገባው። የሚናገረው ሕዝብ፣ የሚነገርበት አገር፣ የሚተረትበት ተረት ከሌለው ቋንቋ ነፍስ የለውም። ስለዚህ ለቋንቋዎቹ ሕዝብ ፈጠረላቸው። መጀመሪያ ቋንቋው፣ ከዚያ ታሪኩ ማለት ነው።

ደግሞ የፈጠረው ሕዝብ ስደት የሚያውቅ ነው። ኤልፎች ከሚባሉት የማያረጁ ሰዎች ውስጥ ኖልዶር የሚባሉት ከባሕር ማዶ አገራቸው ወጥተው መጡ። የወገኖቹን ደም ስላፈሰሱ፣ ቲንጎል የሚባለው ንጉሥ በግዛቱ ቋንቋቸውን ኩዌንያን ከለከለ። እነሱም ለዕለት ኑሮ የአገሬውን ሲንዳሪን ተቀበሉ። ኩዌንያ ግን አልጠፋም፤ ልክ እንደኛ ግዕዝ ለመዝሙርና ለመጽሐፍ ቀረ።

ድዋርፎች የሚባሉት አጫጭር ጢማም አንጥረኞች ደግሞ በሄዱበት የአገሬውን ቋንቋ ይናገራሉ፤ የራሳቸውን እርስ በርስ ብቻ ነው የሚያወሩት። ቶልኪን ይህን ቋንቋ የሠራው በሴማዊ ቋንቋዎች መንገድ ነው። ዐረብኛ ከ«ከተበ» ኪታብንና መክተብን እንደሚያወጣው፣ አማርኛችንም ከ«ሰበረ» ሰባሪንና ስብራትን እንደሚያወጣው ማለት ነው። ድዋርፎቹ እውነተኛ ስማቸውንም ለባዕድ አይናገሩም፤ መቃብራቸው ላይ እንኳ አይጽፉትም።

ቶልኪን ኑሮው የአስተማሪ ነበር፤ ከ1925 እስከ 1959 በኦክስፎርድ ፕሮፌሰር ሆኖ አራት ልጆች አሳደገ። የሚጽፈው ከሥራ በተረፈችው ሰዓት ነው። ሆቢት የተባለው መጽሐፉ በ1937 ወጣ። ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስን ጽፎ ለመጨረስ 12 ዓመት ያህል ፈጀበት፤ የታተመው በ1954 እና በ1955 ነው። ቋንቋዎቹን ግን እስኪሞት ድረስ እያፈረሰ ይሠራ ነበር።

ኢዲት በ1971 ሞተች። መቃብሯ ላይ ሉቲየን የሚል ስም አስጻፈላት፤ ሟች ሰው ወዳ ከእሱ ጋር መሞትን የመረጠች የታሪኩ ኤልፍ ናት። እሱም በ1973 በ81 ዓመቱ ሲያርፍ ከጎኗ ተቀበረ፤ ከስሙ ሥር የዚያ ሰው ስም፣ ቤረን ተብሎ ተጻፈ።

እህቶቼ፣ ይህ ሰው ቋንቋው ተናጋሪ እንዲኖረው ዕድሜውን ሙሉ ለፋ። የእኛ ቋንቋ ተናጋሪው እኛው ነን። ብዙዎቻችን ስማችን ለማዳም ስለከበዳት ሌላ ስም ወጥቶልናል። ቤት ውስጥ በሱ አቤት እንበል፣ ዐረብኛውንም በደንብ እንማር፤ ለእንጀራችን ነው። ዓርብ ስንገናኝ ግን እናታችን ባወጣችልን ስም፣ ሳናሳጥር እንጠራራ። ለቤተሰብ ስንደውልም፣ ሂሳብ ሳያልቅ ብለን ስለ ገንዘብ ብቻ አናውራ፤ አንድ ተረት ለልጆቻችን እንንገር።

ቸር ያገናኘን።