የሻንጋዩ የኦፒየም ነጋዴ ዱ ዩዌሼንግ

ዱ ዩዌሼንግ በፈረንጆች አቈጣጠር በ1888 ዓመት ከሻንጋይ ከተማ ከወንዙ ማዶ ጋኦቻኦ በምትባል መንደር ከድኻ ወገን ተወለደ። አባትና እናቱ በሕፃንነቱ ስለ ሞቱ ወደ ከተማው ተሻግሮ በፍራፍሬ ሱቅ ተቀጠረ፤ በኋላም አረንጓዴው ማኅበር ከሚባለው የወንበዴዎች የምስጢር ጉባኤ ገባ።

በዚያን ጊዜ የሻንጋይን አንዱን ክፍል የሚያስተዳድሩት ፈረንሳዮች ነበሩ። በፖሊሳቸው ውስጥ የቻይናውያን መርማሪዎች አለቃ የነበረው ኋንግ ጂንሮንግ ራሱ የወንበዴዎች ጌታ ነበርና፥ ዱ ከእርሱ ተጠግቶ ከፍ አለ። ሌባውን የሚይዘው እጅ ከሌባው ድርሻ ከተቀበለ ከተማው በማን ይጠበቃል? ሁለቱ ከሌላ ባልንጀራ ጋራ ሆነው ኦፒየም የተባለውን አደንዛዥ ዕፅ ንግድ በእጃቸው አደረጉ።

በ1927 ዓመት ጄኔራል ቺያንግ ካይ ሼክ ከኮሙኒስቶች ጋራ በተለያየ ጊዜ፥ ኀይል የፈለገው ከዚሁ ሰው ነው። በሚያዝያ 11 ቀን ማታ የሠራተኞች ማኅበር መሪ የነበረው ዋንግ ሾውኋ በዱ ቤት ለራት ተጠርቶ ሄደ፤ በዚያው ሌሊት ተገደለ። እንግዳን በማዕድ ጠርቶ መግደል በማንኛውም አገር የሚያስነውር ነው። በማግሥቱ ጧት የዱ ሰዎች ሠራተኞች መስለው ክንዳቸው ላይ ምልክት አስረው በሠራተኞች ማኅበር ላይ ወረዱ፤ ብዙ ደምም ፈሰሰ። የርስ በርሱ ጦርነት እየሰፋ የሄደው ከዚህ ወዲህ ነው።

መንግሥቱም ለውለታው የጄኔራልነት ማዕርግ ሰጠው። በ1929 ባንክ አቆመ፤ በ1931 በጋኦቻኦ ለአባቶቹ መታሰቢያ ታላቅ አዳራሽ አሠርቶ ሲመርቅ ሹማምንት ስጦታ ላኩለት። በ1935 ደግሞ (ይህ እጅግ ያስደንቃል) ኦፒየምን ለማጥፋት በሻንጋይ በተቋቋመው ኮሚቴ ውስጥ አባል ሆኖ ተሾመ።

ጃፓኖች በ1937 ሻንጋይን ሲይዙ ወደ ሆንግ ኮንግ ሸሸ፤ በ1945 ሲመለስ ግን የውጭ መንግሥታት ሠፈሮች ቀርተው ነበርና የቀድሞው መጠጊያው ጠፋ። በ1948 የቺያንግ ልጅ የገበያውን ምዝበራ ሊቀጣ በተነሣ ጊዜ የዱን ልጅ አሰረው። ኮሙኒስቶች በ1949 ሲቃረቡ እንደ ገና ወደ ሆንግ ኮንግ ተሰደደ። የአስም በሽታ አድክሞት በነሐሴ 16 ቀን 1951 በ62 ዓመቱ ሞተ። ከመሞቱ በፊት ታላላቅ ሰዎች ገንዘብ የተበደሩበትን ወረቀት አስጠፋ ይባላል። አስከሬኑም ጋኦቻኦ አልገባም፤ ወደ ታይዋን ተወስዶ ተቀበረ።